ጥሪ የማይወድቅባት ጨረቃ

እዚህ ኦሬም ላይ ሰው ሲጠራህ ዝም አትልም። የተጣላህ ጎረቤት ቢሆንም፣ አፍህን እህል ሞልቶት ቢሆንም «አቤት» ትላለህ። ምላሽ ያገኘ ጥሪ እዚያው ይወድቅና ያበቃል። ያላገኘው ግን አይሞትም። መሬቱን እየታከከ ጨረቃችንን ይዞራል፤ ሰው የማይኖርበትን፣ ሙታናችንን የምንሸኝበትን ማዶ አቋርጦ፣ ጨረቃችን የምትዞራት ትልቋ ዓለም በዓመት አንዴ ሰማያችን ላይ ስትሞላ በምዕራቡ ሸንተረር በኩል ተመልሶ ይመጣል።

የሞተ ሰው ጥሪ ሲመለስ ግን ማንም አይመልስለትም። ከመለስክለት ይወድቃላ! ስለዚህ ቤተሰቡ ሸንተረሩ ላይ ይሰበሰብና፣ አንደበቱ እንዳያመልጠው ጨርቅ ነክሶ ያዳምጣል።

የእኔና የኦሳኒ ልጅ ሊሩ የሞተችው እናቷን ፍለጋ ከቤት ወጥታ፣ የአቧራ ማዕበል ውስጥ ጠፍታ ነው። እኛ በዚያ ሰዓት በረዶ ልንቆፍር ጉድጓድ ውስጥ ነበርን፤ አልሰማናትም። ድምፅዋ ግን በየዓመቱ ይመጣል። «እማዬ! የት ነሽ?» እውነቱን ለመናገር፣ የምኖረው ለዚያች ቅጽበት ነበር። ልብሴን አጥቤ፣ ጢሜን ተላጭቼ ነበር የምወጣው።

ካቻምና ወደ ሸንተረሩ ስንሄድ ኦሳኒ መንገድ ላይ ቆመች።

«አንተ ሰውዬ፣ ይቺ ልጅ አልደከማትም ትላለህ?»

«ድምፅ ይደክመዋል እንዴ? ይልቅ ነይ፣ እንዳያመልጠን።»

«ስንት ዓመት ሙሉ ትፈልገኛለች፤ እኔ እዚህ ጨርቅ ነክሼ እቀመጣለሁ። እናት ነኝ እኔ?»

«ኦሳኒ፣ እንዳታደርጊው። ያለችኝ እሷ ብቻ ናት።»

«እሷማ ሞታለች፣ ጌታው። ያለሁትስ እኔ ነኝ።»

ተናድጄ ቀድሜያት ወጣሁ። ሸንተረሩ ላይ የድምፅ ጠባቂው አዛውንት ቴሬሽ እርጥብ ጨርቅ ሰጡን። «አጥብቃችሁ ንከሱ፣ ልጆቼ» አሉ እንደ ልማዳቸው።

መጣች።

«እማዬ! የት ነሽ?»

ኦሳኒ ጨርቁን ተፋችው። አፏን ልይዝ ተወረወርኩ፤ አልደረስኩም።

«ወዬ! ወዬ ልጄ፣ እዚህ ነኝ!»

የሊሩ ድምፅ እግራችን ሥር ወደቀ። አቧራው ትንሽ ብን አለና ተመልሶ ተኛ። በቃ።

«ገደልሻት!» አልኳት፣ በሽማግሌው ፊት። እሷ እያለቀሰች ወደ ምሥራቅ ታያለች፤ «ልጄ» ብላ የተጣራችበት የራሷ ድምፅ መላሽ ስላላገኘ ወደዚያ ሄዷል።

ዓመቱን አንድ ቤት ውስጥ እንደ ባዕድ ከረምን። ስትጠራኝ «አቤት» እላለሁ፣ ይሄ አይቀርም፤ ከዚያ ያለፈ ቃል ግን አልሰጠኋትም።

አምና ትልቋ ዓለም ስትሞላ አብረን ወጣን። የኦሳኒ ድምፅ ተመልሶ ከመጣ ማዶ ማንም አልተቀበለውም ማለት ነው። ክፋቴ አያልቅ፣ እንዲመለስ ተመኘሁ። ቁጭ ብለን ጠበቅን። ትልቋ ዓለም ከጠርዟ መጉደል ጀመረች፤ ከምዕራብ ምንም የለም።

«ሰማችኝ» አለች ኦሳኒ። «አገኘችኝ፣ ልጄ።»

ደስ ሊለኝ ይገባ ነበር። እኔ ግን ቀናሁ። ሊሩ የጠራችው እናቷን ነው፤ እኔን አልጠራችም። ተነሳሁና ወደ ምሥራቅ ዞሬ፣ በዚህ ዕድሜዬ፣ እንደ ሕፃን ጮህኩ።

«ሊሩዬ፣ እኔስ?»

ዛሬ ትልቋ ዓለም ደግማ ሞላች። ጠባቂው ቴሬሽ ጨርቃችንን ሲሰጡን ቀና ብለው አላዩኝም። ነክሰን ተቀመጥን። እንዳይመጣ፣ እንዳይመጣ እያልኩ በልቤ ለመንኩ።

መጣ። የራሴው ያረጀ፣ የተሰነጠቀ ድምፅ።

«ሊሩዬ፣ እኔስ?»

ማዶን ሙሉ ዞሮ የተቀበለው የለም። ልቅሶዬ ጨርቁ ውስጥ ታፈነ። አሁን በየዓመቱ እየመጣ ሊጠይቀኝ ነው፣ እኔም ከሞትኩ በኋላ ሳይቀር።

ኦሳኒ የራሷን ጨርቅ ከአፏ አወጣች። እጄን ያዘችኝ፤ ከካቻምና ወዲህ ነክታኝ አታውቅም ነበር። ከዚያ ወደ ምዕራብ ዞረችና ቀስ ብላ፣

«አቤት» አለች።

ድምፄ እግራችን ሥር ወደቀ።