ማሰሮው ላይ ያለው ፊት

አጎቴ ኤካምባራም ሪዙን የተላጨ ዕለት ሚስቱ በሩን ከፍታ አየችውና "ጌታው የሉም፣ ስቱዲዮ ናቸው" ብላ መልሳ ዘጋችው። ሠላሳ ዓመት አብራው የኖረች ሴት ናት። እኔ ሻንጣውን ይዤ ከኋላው ቆሜ ነበርና ሳቄን ዋጥ አደረግሁት። እሱ ግን ፊቱ በደስታ በርቶ ዞረና "አየህ ናቴሳን? ሰው መምሰል ጀመርኩ ማለት ነው" አለኝ።

ማድራስ ውስጥ ያንን ሪዝ የማያውቅ አልነበረም። አጎቴ በየፊልሙ ስሙ ይለዋወጣል እንጂ የሚሠራው አንድ ሰው ነው፤ የመበለቷን ላም የሚነዳ አራጣ አበዳሪ፣ የሙሽሪትን ወተት የሚመርዝ ዘመድ፣ የመንደሩን ጉድጓድ የሚቆልፍ ባለመሬት። "ጉድጓዱም የእኔ ነው፣ ጥማታችሁም የእኔ ነው" ያላትን ነገር የሪክሾ ነጂ ሳይቀር በቃሉ ይላታል። ቤቱ ውስጥ ጉንዳን እንዳይረግጥ ዘሎ የሚራመድ ሰው ነው። ገበያ ሲወጣ ግን ሴቶች አፈር ዘግነው ዱካው ላይ ይበትናሉ፣ ዘርህ ይጥፋ እያሉ።

ይህን ሁሉ ችሎ ኖሯል። ያልቻለው አንድ ነገር ነው። እኛ ዘንድ ሙሽራም ሆነ ሹም፣ የተወደደ ሰው ደጃፍ ሲደርስ ሴቶች እርድና ኖራ የተበጠበጠበት ቀይ ውሃ በሰሃን ይዘው ፊቱ ዙሪያ ያዞሩለታል፣ ከውሃውም ግንባሩ ላይ ነጥብ ያደርጉለታል። የገዛ ሴት ልጁ ሠርግ ላይ የሙሽራው አክስቶች ሰሃኑን ለእንግዳው ሁሉ አዙረው እሱ ጋ ሲደርሱ "ውሃው አልቋል" አሉ። ሰሃኑ ግማሽ ድረስ ሞልቶ ነበር። አይቻለሁ።

ስለዚህ ፓርቲያችን ለምክር ቤት ምርጫ ከስቱዲዮ ዕጩ መመልመል ሲጀምር አጎቴ እሺ ለማለት ጊዜ አልፈጀም። በየፊልሙ እሱን የሚደበድበው መልከ መልካም ተዋናይ ለምለሙን ወረዳ ወሰደ። ለእሱ የደረሰችው ካሩቫኩዲ ነበረች፤ ከቃሪያና ከእሾህ በቀር የማይበቅልባት፣ ውሃዋን የላይኞቹ መንደሮች ከቦዩ የሚያስቀሩባት ደረቅ ቦታ።

"ወንበሩን ማንም ይውሰደው" አለኝ። "አንዲት ሴት በሯ ላይ ሰሃን ይዛ ትጠብቀኝ። አንዲት ብቻ። ከዚያ ሪዙም፣ ያ የፊልሙ ክፉ ሰውዬም ይቅር።"

እኔ በፖለቲካ ሳይንስ ተመርቄ ሥራ ፈትቼ ስለነበር ንግግር ጸሐፊው ሆንኩ። ስለ ሰው ልጅ ክብር ጽፌለት ነበር። ጥሩ ንግግር ነበር፣ አሁንም አላፍርበትም።

ካሩቫኩዲ ስንገባ ሰው ሁሉ ከጂፑ አጠገብ ወጥቶ ቆሟል። አጎቴ በነጭ ሸሚዝና በነጭ ሽርጥ ወርዶ እጁን አጣምሮ ሰላምታ ሰጠ። ማንም አላየውም። በእሱ ትከሻ ላይ አንገታቸውን እያሰገጉ ጂፑ ውስጥ ይፈልጋሉ።

"ሰውየውስ?" አለች ፔቺያማል የምትባል፣ ጥርሷ በቅጠል ማኘክ የቀላ አሮጊት።

"እኔ ነኝ እናቴ።"

ከእግር እስከ ራሱ አየችው። "አንተማ የፖስታ ቤት ጸሐፊ ነህ" አለችና ወደ ሕዝቡ ዞረች። "ኧረ ሌላ ሰው ልከውብናል!"

ይሄኔ ነው እኔ ቀና ያልኩት። ገና በመሠራት ላይ ካለ ቤት እንጨት ላይ ማሰሮ ተገልብጦ ተንጠልጥሏል። በእኛ አገር ከሰው ዓይን ለመጠበቅ አዲስ ቤት ላይ የጭራቅ ፊት መስቀል የተለመደ ነው፣ አያስደንቅም። እኔን ያስደነገጠኝ ጭራቁ ነው። የቀላ ዓይን፣ የወጣ ጥርስ፣ እንደ በሬ ቀንድ ወደ ላይ የተጠመዘዘ ሪዝ፣ ግራ ጉንጩ ላይ ደግሞ የአጎቴ ኪንታሮት። ኪንታሮቷን እንኳ አልረሷትም።

አጎቴም አየው። እጁን ወደ ግራ ጉንጩ ላከ። ቃሪያው ማሳ ውስጥ በእንጨት ላይ ሌላ ማሰሮ አለ። የላሞቹ በረት ላይም ሌላ። የትም ብንዞር አጎቴ ጥርሱን አግጦ ያየናል።

"ከገበያ የምንገዛው ጭራቅ ምንም አልሠራልንም" አለች ፔቺያማል፣ ስለ ማዳበሪያ እንደምታወራ ሁሉ ረጋ ብላ። "የድንኳን ሲኒማ መጥቶ ያንን ሰውዬ ካየን ወዲህ እሱን ነው የምንስለው። ላሜ ወተቷ ጠፍቶ አያውቅም። እንዲህ ያለ ክፉ ፊት ከየት ይገኛል!"

"እና... ለዚህ ነው ልትመርጡት ያሰባችሁት?" አልኳት።

"ታዲያ ለምን መሰለህ? መልከ መልካሞቹን መርጠን አይተናል። ውሃ ቢሮ ገብተው ይስቃሉ፣ ሹሙም ይስቅላቸዋል፣ ሻይ ጠጥተው ይወጣሉ። እኛ ያንን ፊት እዚያ ቢሮ በር ላይ መስቀል ነው የምንፈልገው።"

የተማርኩት የትምህርት ክፍል ይህን ሳያስተምረኝ ዲግሪ ሰጥቶኛል።

የፓርቲው የወረዳ ጸሐፊ ማሲላማኒ የሰው ልብ የሚያደርቅ ፍጥነት ነበረው። ማግስቱን የአጎቴን የሚመስል የስቱዲዮ ሪዝ ከነሙጫው በቆርቆሮ ይዞ ከች አለ።

"ጌታዬ፣ ይለጥፉት።"

"እኔ እሱን ለመገላገል ነው የመጣሁት።"

"ከምርጫው በኋላ ይገላገሉታል። አሁን እኮ ሕዝቡ ፓርቲው አታለለን እያለ ነው። አስፈሪ ሰው ቃል ተገብቶለት የዋህ ሰው ሲመጣበት ምን ይበል?"

"ናቴሳን፣ አንተ ምን ትላለህ?" አለኝ አጎቴ።

"ሕዝቡ እውነተኛ ማንነትዎን ሲያውቅ ይወድዎታል ጋሼ" አልኩት። ማሲላማኒ በአዘኔታ አየኝ።

በተምር ሂንዲ ዛፉ ሥር የተጠራው ስብሰባ ላይ አጎቴ የሰው ልጅ ክብርን አነበበ። ድምፁ ለስላሳ ነበር። ሕዝቡ አዛጋ። ሁለተኛው ገጽ ላይ ሲደርስ ሴቶቹ አቧራቸውን አራግፈው ተነሱ፣ ፔቺያማል ከፊት፤ ሰሃን የያዘች አንዲትም የለች። አጎቴ ሲሄዱ አያቸው። ወረቀቱን አጠፈና ለእኔ ሰጠኝ። ጀርባውን ለሕዝቡ አዙሮ ከማሲላማኒ እጅ ቆርቆሮውን ተቀበለ። ሙጫው ከንፈሩ ላይ እስኪይዝ ሪዙን በጣቶቹ ተጭኖ ቆየ።

ከዚያ ዞረ።

"ጉድጓዱም የእኔ ነው" አለ። "ጥማታችሁም የእኔ ነው።"

ሕፃናት እያለቀሱ ሮጡ። አንድ ፍየል ገመዱን በጠሰ። የቀረው ሕዝብ በደስታ አበደ። ፔቺያማል ከመንገድ ተመልሳ ደረቷን ይዛ "እሱ ነው፣ እሱ ራሱ ነው" እያለች ታለቅሳለች። እኔ ንግግሬን እንደ ማራገቢያ ይዤ ቀረሁ።

አሸነፍን። የላይኞቹ መንደሮች ሰዎች ሳይቀሩ መረጡት፣ ከፍርሃት ይመስለኛል።

ውሃ ቢሮ የሄድን ቀን አጎቴ ፊቱን ተላጭቶ፣ የውሃ ሕጉን መጽሐፍ አስይዞኝ ነበር። የምክር ቤት አባል መሆኑን ለበረኛው ነገረው። በረኛው ቁጭ በሉ አለን። ቢሮው ለምሳ እስኪዘጋ ድረስ አግዳሚ ወንበር ላይ ተቀመጥን፤ ሹሙ ሁለቴ በፊታችን አለፈ። ከምሳ መልስ አጎቴ እጁን ኪሱ ከተተ፣ ሪዙን አውጥቶ ለጠፈ፣ ተነሥቶም በሩ ላይ ቆመ። ሹሙ ቀና ብሎ ሲያየው ብዕሩ ከእጁ ወደቀ። የቦዩ መዝጊያ ለካሩቫኩዲ እንዲከፈት የታዘዘው ሻይ ሳንጠጣ ነው። ሕጉ ብብቴ ሥር እንዳለ ወጣሁ።

ውሃው ሲደርስ መንደሩ ለምስጋና ጠራን። አጎቴ ጠዋት ተነሥቶ ሁለት ጊዜ ተላጨ። ሪዙን ከነቆርቆሮው ቤት ተወው።

"ዛሬ አያስፈልግም" አለኝ። "ውሃውን ያመጣሁላቸው እኔ ነኝ።"

እውነትም ሴቶቹ ከመንደሩ መግቢያ ጀምሮ ተሰልፈዋል፣ እያንዳንዷ ቀይ ውሃ የሞላ ሰሃን ይዛ። አጎቴ ክንዴን ያዘኝ። በቅጠል ከተሠራው ቅስት ሥር ሄዶ ቆመና ፊቱን ቀና አደረገ፣ ዓይኖቹንም ጨፈነ። ከራሱ በላይ፣ ቅስቱ ላይ፣ አዲስ የተቀባ ማሰሮ ተሰቅሏል።

ፔቺያማል ሰሃኗን ይዛ መጣች። ፊቱ አጠገብ ስትደርስ ቆመች።

"ፈቀቅ በል ልጄ" አለችው በትሕትና። "መንገድ ዘግተህብናል።"

እሱ ዓይኑን ገለጠ። እሷ በእግር ጣቷ ተንጠራርታ ሰሃኑን ወደ ማሰሮው አነሣች፣ አልደረሰችም። ሌሎቹ በርጩማ አምጡ ይባባላሉ። እኔ ልናገር አፌን ስከፍት አጎቴ በእጁ ከለከለኝ። ቁመቱ ረጅም ነው። ማሰሮውን ከቅስቱ ላይ ፈትቶ አወረደው፣ በሁለት እጁ ይዞም ፊቱ ላይ ደቀነው።

"እንዲህ ይመቻል እናቴ?" አለ ከማሰሮው ጀርባ።

"ተባረክ" አለች፣ ሰሃኑንም ታዞር ጀመር። አዞረች፣ አዞረች፣ እያመሰገነች፣ ዓይኗ እንባ አቅርሮ። የቀሩትም በየተራ ተከተሏት። አንዷም ውሃው አልቋል አላለችም።

ድምፁ ከሸክላው ጀርባ ታፍኖ መጣ። "ናቴሳን፣ ነጥቡን አደረገችልኝ?"

"አደረገችልዎት ጋሼ" አልኩት።

ቀዩ ውሃ ከማሰሮው ግንባር ወደ ሪዙ ይወርድ ነበር።