አበልጄ ያስፈረመችኝ ወረቀት

«ይህ ፊርማ የእርስዎ ነው ወይስ አይደለም?»

ዳኛዋ ወረቀቱን ወደ የሺወርቅ ገፋ አደረጉት። የሺወርቅ ቀረብ ብላ አየችው። ከአሥራ ሁለት ስሞች መጨረሻ የእሷ ስም ተጽፏል፤ ከፊርማው አጠገብ የደረቀ ቢጫ ጠብታ አለ።

ደባርቅ መናኸሪያ ጀርባ ጠጅ ቤት ከከፈተች አሥራ አራት ዓመቷ ነው። ልጇን ሕሊናን ጎንደር ዩኒቨርሲቲ ያስገባችውም በዚሁ ጠጅ ነው። ሐምሌ ላይ ፈቃዷን ልታሳድስ ብትሄድ «ቤትሽ ለቤተ ክርስቲያን ቀርቧል፤ ጎረቤት አመልክቶብሻል» ብለው ሰረዙባት። እሷም «ሳልጠየቅ የተሰጠ ውሳኔ ነውና ይሻርልኝ» ብላ ፈቃድ ሰጪውን መሥሪያ ቤት ከሰሰች። ከስረዛው በፊት ማንም ምንም እንዳልነገራት እርግጠኛ ነበረች።

የመሥሪያ ቤቱ ነገረ ፈጅ አቶ ላቀው ተነሣ።

«ክብርት ዳኛ፣ አልተጠየቅሁም የሚሉት ሐሰት ነው። ጠጅ ቤቱ ይዘጋ በሚለው ማመልከቻ ላይ ራሳቸው ፈርመዋል። እኛ የወሰንነው እሳቸው የተስማሙበትን ነው።»

ከኋላ ሳቅ ተሰማ። በገዛ ጎሮሮዋ ላይ የምትፈርም ሴት የት ታይታለች!

ቀኑን ግን አስታወሰችው። ግንቦት ሃያ አንድ፣ የማርያም ማኅበር ተራዋ ነበር። ማኅበርተኛው ሳሎኑን ሞልቶ እሷ ጓዳ ጠጅ ስታጠልልለት ትሕትና ወረቀት ይዛ ገባች። ትሕትና ሕሊናን ክርስትና ያነሳች አበልጇ ናት። «ለደብሩ አጥር ርዳታ የምንጠይቅበት ነው፤ ያንቺ ብቻ ቀረ» አለቻት። የማኅበር ወረቀት ማን ያነባል? ሌሎቹም ጠጇን እየጠጡ ዝም ብለው ፈርመዋል። እሷም እጇን በሽርጧ አበስ አድርጋ ፈረመች፤ ጠብታው ያኔ ከጣቷ የወረደ ነው።

ዳኛዋ መልሷን አስባ እንድትመጣ አሥር ደቂቃ ሰጧት። ለመሥሪያ ቤቱ ልትመሰክር የመጣችው ትሕትና በረንዳው ላይ ጠበቀቻት።

«አበልጄ፣ እዚህ ይደርሳል ብዬ አይደለም።»

«ምን ብለሽ ነው ታዲያ?»

«እኔና ባለቤቴ ከመንገዱ ማዶ ግሮሰሪ ልንከፍት ፈቃድ ብንጠይቅ፣ በዚህ ሰፈር መጠጥ ቤት በዝቷል፣ አንዱ ካልተዘጋ አንሰጥም አሉን። እኔም ልጆች አሉኝ።»

«እና እኔን መረጥሽ።»

«ያንቺ ልጅ ደርሳለች ብዬ ነው። የኔዎቹ ገና ናቸው።»

ያቺን ልጅ ለማድረስ የሺወርቅ ስንት ሌሊት ጌሾ እንደወቀጠች ከትሕትና በላይ የሚያውቅ የለም። አንዳንዴ አብራት ወቅጣለች።

ትሕትና ድምፅዋን ዝቅ አደረገች።

«ኧረ በማርያም፣ ስሚኝ። ፊርማው የኔ አይደለም በይ። እኔም ስትፈርም አላየሁም እላለሁ። ፊርማው ተመርምሮ እስኪመለስ ውሳኔው ይታገዳል፤ ስንት ወር ትሠሪያለሽ። ማኅበራችንም አይፈርስ፤ በሚመጣው ወር ጽዋው የኔ ተራ ነው።»

የሺወርቅ ነገሩን አሰላችው። አልፈረምሁም ብትል ቤቷ ለጊዜው ይከፈታል። ፈርሜያለሁ ብትልና ትሕትና ብትክድ ግን ጠጅ ቤቱ አከተመለት። ያም ሆኖ የከዳቻት ሴት ውሸቱን ደግሞ እንደ ስጦታ ስታቀብላት ተጸየፈችው።

ሲገቡ ዳኛዋ ጥያቄውን ደገሙት።

«የኔ ነው» አለች የሺወርቅ። ላቀው ፈገግ አለ። «የፈረምሁት ግን ለደብሩ አጥር ነው ተብዬ ነው። ያስፈረመችኝ ሴት ከኋላ ተቀምጣለች። ወንጌል ይዛ ትማልና ትናገር።»

ትሕትና ተጠራች። መጥታ ቆመች። ወንጌሉ ሳይሰጣት በፊት ዳኛዋ እንደ ደንቡ የሺወርቅን ጠየቋት፦

«ከምስክሯ ጋር ዝምድና አላችሁ?»

ትሕትና ቀና ብላ አየቻት። ሃያ ዓመት አበልጄ ሲባባሉ ኖረዋል።

«የለንም፣ ክብርት ዳኛ» አለች የሺወርቅ።