የእንዶድ ፊኛ

ቁሐር ሚካኤል በተዳርሁ በዓመቱ ከባሌ ቤት ልባረር ነበር። ምክንያቱ ማር ነው። ማሩን በልቼው ቢሆን አንጀቴ ባልተቃጠለ፤ ጣዕሙም የእኔ፣ ስድቡም የእኔ ይሆን ነበር። ግን ጣቴን እንኳ አላስነካሁትም።

ነገሩ የሆነው ንጉሡ በነበሩበት ዘመን፣ በሃምሳዎቹ መጀመሪያ ላይ ነው። ስሜ ይታይሽ ነው፤ የወንዛዬ ልጅ ነኝ። የወንዛዬ ሴት ልብስ የምታጥበው ከፍል ውኃው ወራጅ ላይ ነው፤ እንዶድ ደግሞ ሙቅ ውኃ ካገኘ አረፋው ወሰን የለውም። ልጆች ሆነን ከልብሱ ይልቅ የሚታጠበው ፊታችን ነበር፤ አረፋ ስንራጭ እንውላለን። ቁሐር ስመጣ የጠበቀኝ ግን ለጥ ያለ ሜዳ፣ ክረምት ጥሎት የሄደ ውኃ፣ ከብት፣ ደግሞም አማቴ ናቸው።

አማቴ እመት ወለተ ሚካኤል ይባላሉ፤ ቤተኛው ሁሉ እቴቴ ይላቸዋል። ባላቸው ከሞቱ ወዲህ መሬቱንም፣ ከብቱንም፣ ልጆቻቸውንም በአንድ ጥቅሻ የሚያስተዳድሩ ሴት ናቸው። ትልቁ ልጅ ካሴ ነው። ቀጥሎ የእኔ ባል ቢሻው አለ። የሁሉ ታናሽ ደብሬ ናት፤ ያን ጊዜ የፊት ጥርሷ ገና ወልቆ መብቀሉ ነው። እቴቴ ሥራ የፈታ እጅ ሲያዩ ያማቸዋል። ሳቅም ሥራ እንደሆነ የነገራቸው ሰው የለም።

በጥቅምት ለኅዳር ሚካኤል የሚለበሰውን ልብስ ሁሉ እንዳጥብ ታዘዝሁ። የደረቀ እንዶድ ወቀጥሁ፤ ሙቅ ውኃ ላይ በትኜ ስፈትገው አረፋው ገበቴውን ሞልቶ ፈሰሰ። ደብሬ አጠገቤ ቁጢጥ ብላለች። በሸምበቆ ቀዳዳ እፍ አልሁና አንዲት ፊኛ አወጣሁላት። ፊኛ ያለችው እሷ ናት፤ በሬ ሲታረድ ልጆች ፊኛውን ነፍተው ስለሚጫወቱበት።

“እታለም፣ ትንሽ ናት” አለችኝ አፏን አጣማ።

“ትልቅ አማረሽ?”

“ጥጃ የምታህል።”

ልጅ እንዲህ ካለኝ በኋላ እንቅልፍ የለኝም። ብዙ ሞከርሁ። አረፋው ለትልቅ ፊኛ አይረባም፤ ገፍፎ መጣል ነው፤ የሚፈለገው ከሥሩ ያለው ውኃ ነው። ውኃው ብቻውን ደግሞ ቀጭን ነው፣ ሳይወጠር ይበጠሳል። አውቄበት ሳይሆን በመከራ ብዛት ጥሬ ተልባ ዘፍዝፌ አሳደርሁ፤ ሲነጋ እንደ በሬ ለሀጭ የሚሳብ ነገር ሆነ። ከእንዶዱ ውኃ ጋር ቀላቀልሁት። ከእቴቴ እንዝርት አጠገብ የወደቀ ፈትል አንሥቼ በሁለት ሸምበቆ መካከል እንደ ቀለበት አሰርሁት። ነክሬ፣ ሸምበቆዎቹን ቀስ ብዬ አራርቄ፣ ወደ ኋላዬ ተራመድሁ።

ወጣች! መጀመሪያ እንደ ከረጢት ተንጠለጠለች፣ ከዚያ ሸምበቆዎቹን ሳቀራርባቸው ተቆርጣ ሄደች። ጥጃ አታህልም፤ ግን እንስራ ታስንቃለች። ጤዛው ባልረገፈበት ሜዳ ላይ፣ ሆዷ እየተንቀጠቀጠ፣ ከከብቱ በላይ ተንሳፈፈች። የካሴ ኮርማ ቀና ብሎ አያት፣ አኮረፈ፣ በቀንዱም ወጋት። በአፍንጫው ላይ ስትፈነዳ ያን የሚያህል በሬ ጭራውን ቀስሮ ሸሸ። ደብሬ ከሳቅ ብዛት መሬት ላይ ተንከባለለች፤ እኔም ብሆን ሙሽርነቴን ረሳሁ።

ከዚያ ወዲያ የመንደሩ ልጅ ሁሉ ጧት ጧት ደጃችን ነው። ፊኛ የምትወደው ጤዛና ጸጥታ ነውና ፀሐይ ሲበረታ ነገር የለም። ልጆቹ ሲያባርሯት በደረቅ እጅ ነክተው ያፈነዷታል። እኔ ግን አንድ ነገር አየሁ፦ በእንዶድ የራሰ እጅ አያፈነዳትም፤ መዳፍ ላይ መጥታ ትቀመጣለች። ይህን ለደብሬ እንኳ አልነገርሁም። ሙያ በልብ ነው።

የጠፋሁት ግን አንድ ቀን ሁሉም በተሰበሰበበት ነው። ትንሽ ማር ቢገባበት ፊኛዋ ትበረታለች ብዬ ገምቼ፣ “እቴቴ፣ አንዲት ጣት ማር ይስጡኝ፤ ለፊኛው ነው” አልሁ።

“ማር ለአረፋ? ኧረ የሚካኤል ያለህ! ካሴ፣ ትሰማለህ ያመጣችልንን?”

አልሰጡኝም። ማሩ ለኅዳር ሚካኤል ለሚጣለው ጠጅ የተቀመጠ ነበር፤ ጓዳ ውስጥ፣ በቆዳ በታሰረ ማሰሮ። ጠጁ ሊጣል በደረሰ ጊዜ እቴቴ ከፈቱት። ማሰሮው ግማሽ ሆኗል። የቤቱ ዓይን ሁሉ ወደ እኔ ዞረ፤ እኔ ብሆንም ወደ እኔ እዞር ነበር።

“አልወሰድሁም!” ብዬ ጮህሁ።

“ተልባ ቢንጫጫ ባንድ ሙቀጫ” አሉ እቴቴ። “ለጨዋታሽ የሚካኤልን ማር ሜዳ ላይ ደፋሽው። እሑድ የነፍስ አባታችን ይመጣሉ፤ በፊታቸው ጨርሰን ወደ እናትሽ ቤት ትሄጃለሽ። ወንዛዬ አረፋ አይጠፋም።”

ወደ ባሌ አየሁ። ቢሻው ጠፍር እያለሰለሰ ነው፤ ቀና አላለም። አንድ ቃል፣ ለወግ ያህል እንኳ፣ አልተነፈሰልኝም። ፈሪ ነው ብዬ አለፍሁት፤ ከእናቱ ፊት ማን አይፈራም። በማር ሌብነት ተባርራ መጣች ከተባልሁ ግን እናቴ ገበያ መውጣት ይቀርባታል። እኔንም ዳግመኛ የሚያገባኝ ወይ ዕውር ነው ወይ ንብ አናቢ።

እውነትና ንጋት እያደር ይጠራል ይባላል። እኔ ግን የማድሪያ ጊዜ አልነበረኝም። ስለዚህ እውነትን ትንሽ ልገፋት ተነሣሁ።

እሑድ ከቅዳሴ በኋላ አባ ገብረ ኪዳን መጡ። ጓዜ ተጠቅልሎ ደጃፉ ላይ ተቀምጧል። ሰማዩ ዳምኖ፣ ቅጠል እንኳ አይነቃነቅም። እኔ ግቢው መካከል አፉ ጠበብ ያለ ማድጋ አስቀምጫለሁ፤ የእንዶዱ ውኃ ያለው ከማድጋው ሥር ብቻ ነው። አንገቱ ጨለማ ስለሆነ እጅ ገብቶ ምን እንደሚሠራ ከውጭ አይታይም።

“አባ፣ ከመሄዴ በፊት ይህ እንዶድ ይፍረደኝ” አልሁ።

“አስማት ነውሳ?” አሉ ቆጣ ብለው።

“እንዶድ አስማት ከሆነ የእርስዎ ጋቢ በምን ነጣ?”

ካሴ ሳቁን በእጁ አፈነው። አባ ጋቢያቸውን አዩ፣ እኔን አዩ። “በይ ቀጥይ” አሉ።

“የሚካኤል ካህናት ልብስ የሚነጣው በዚሁ ነው። እድፍ ያውቃል። ማሩን የበላ እጅ ከውኃው ከገባ እስከ ክርኑ ያብጣል፤ ቆዳው እንደ ሽንኩርት ይላጣል። ንጹሕ እጅ ሲሆን ግን ፊኛዋ ራሷ መጥታ ታርፍበታለች።” ይህን ስል ፊቴን ማየት ነበረባችሁ፤ ጻድቅ ነው የምመስለው።

እጄን እስከ ክርኔ ከትቼ ነከርሁ። ትንሽ ቀለበት አበጅቼ ነበርና የሰው ራስ የምታህል ፊኛ አወጣሁ፤ መጥታ መዳፌ ላይ ተቀመጠች። ደብሬ ተከተለች፣ ካሴም ተከተለ፤ አረፈችላቸው። አባ ገብረ ኪዳን መስቀላቸውን ወደ ግራ እጃቸው አዛውረው፣ “እኔም ከዚህ ቤት እንጀራ እበላለሁና” ብለው ነከሩ። ስታርፍባቸው “ስብሐት ለአብ” አሉ፤ ዓይናቸው የልጅ ዓይን ሆነ።

እቴቴ እጅጌያቸውን ሰብስበው ገቡበት። ፊኛዋ መዳፋቸው ላይ ተንቀጠቀጠች፤ እሳቸውም ትንፋሻቸውን ያዙ። ፊታቸው ቀስ ብሎ ተፈታ። ለካ እቴቴም ጥርስ አላቸው።

የቀረው ባሌ ነው። የጠራሁት ለሥርዓቱ ያህል ነበር፤ እኔ የጠረጠርሁት ካሴን ነበርና ካሴ ንጹሕ ሆኖ ሲወጣ ግራ ገብቶኝ ነበር። ቢሻው እጁን ከማድጋው አፍ ከተተ፣ ወዲያውም አወጣ። ከጣቶቹ አንዲት ጠብታ አልወደቀችም። ያን ጊዜ ውኃውን እንዳልነካ ገባኝ።

ፊኛዋን ለቀቅሁለት። መዳፉን ከመንካቷ ጠፋች።

“ንፋስ ነው” አለ።

“የምን ንፋስ? ቅጠሉስ?” አለ ካሴ።

ሌላ ለቀቅሁ። እሷም ጠፋች። ቢሻው እጁን ከጀርባው ሸሸገ፤ ያበጠበት ይመስል።

“በጣት ነበር የጀመርሁት” አለ በመጨረሻ። “ማሳ ስጠብቅ... እንጀራው ደረቅ ነው... ትንሽ ትንሽ...”

“ትንሽ ትንሹ ነው ግማሽ ማሰሮ?” አሉ አባ።

“ሌባ ላመሉ ዳቦ ይልሳል ሲሉ እሰማ ነበር” አለ ካሴ፣ “የኛው ማሰሮውን ላሰው!” ይህን ሲል ሳቁ አመለጠው፤ አባም ሳቁ፣ ደብሬም ሳታውቅ ሳቀች።

እኔ አልሳቅሁም። ማሩን መብላቱ አይደለም፤ የቤቱ ማር ነው፣ ይብላው። ሰው ሁሉ ሌባ ሲለኝ አጠገቤ ተኝቶ፣ እየሰማ፣ ማልቀሴን እያየ ዝም ማለቱ ነው ያንገበገበኝ። ጓዜን አንሥቼ ጀርባዬ ላይ ጣልሁት።

“አሁን ማንም አያባርረኝም” አልሁ። “በገዛ እግሬ እሄዳለሁ።”

እቴቴ ተነሥተው የግቢውን በር ዘጉብኝ። “አውርጅው” አሉ።

“አላወርድም።”

“አውርጅው አልሁሽ፤ ይከብድሻል።” ጓዙን ራሳቸው ከጀርባዬ አወረዱት፤ ሲያወርዱት እጃቸው ትከሻዬ ላይ ትንሽ ቆየ። ከዚያ ወደ ልጃቸው ዞሩ። “እኔ ቃሌን አላጥፍም። ከዚህ ቤት ዛሬ ወደ እናቷ ቤት የሚሄድ ሰው አለ ብያለሁ። በል ተነሥ፣ ቢሻው።”

“እኔ?”

“አንተ። ወንዛዬ ውረድ። ከእናቷ ደጅ ቁምና ማሩን የበላሁት እኔ ነኝ፣ ልጅዎን ሌባ ያሰኘሁትም እኔ ነኝ በላቸው። ምሬሃለሁ እስኪሉህ ድረስ እንጨት እየፈለጥህ፣ ውኃ እየቀዳህ ተቀመጥ።”

“እቴቴ፣ ባዶ እጄን እንዴት አማቼ ቤት እገባለሁ?”

“ይዘኸው የምትሄደውን ማርማ በልተኸዋል።”

አባ ገብረ ኪዳን መስቀላቸውን አሳለሙትና ፍርዱ ጸደቀ። ቢሻው ዱላውን አንሥቶ በሩ ላይ ሲደርስ ወደ እኔ ዞረ፤ ዓይኑ እንደ ተቀጣ ልጅ ዓይን ነው።

“ይታይሽ፣ እናትሽ ቶሎ ይምሩኛል፣ አይደል?”

“ቶሎ ይምሩሃል” አልሁት።

እናቴ በአንዲት በግ የተነሣ ከወንድሟ ጋር ስትጣላ እኔ ጡት እጠባ ነበር። ስዳርም ገና አልታረቁም ነበር።