ኢንሳፍ እስክትመጣ

ኢንሳፍ የፌስታሉን ቋጠሮ በጥርሷ ፈታች። ከውስጡ ሌላ ፌስታል ወጣ፤ ከእሱም ውስጥ በነጠላ ቁራጭ የተጠቀለለ የፍርድ ቤት ወረቀት።

«ውሃ እንዳይነካው ብዬ ነው» አሉ እትዬ መስኡዳ።

ባላቸው ከሞቱ ወዲህ የባላቸው ወንድም አርዲቦ ሐይቅ ዳር ያለውን ማሳ የኔ ነው ብሎ ከሷቸው ነበር። የተፈረደ ዕለት ችሎት ቆመው ሰምተዋል፤ የሰሙትን ግን አልተረዱም። ግልባጩን ይዘው የቅሬው ዳኛ ሼህ ሀሚድ ዘንድ ሄዱ፤ እሳቸውም ኢንሳፍ እስክትመጣ ይቀመጥ አሏቸው። ቅሬው የሞተ የሚቀብር፣ ለሰርግ ዳስ የሚጥል የመንደሩ ማኅበር ነው፤ ከሦስት ዓመት ወዲህ ደግሞ ኢንሳፍን ደሴ ልኮ ሕግ ያስተምራታል። እያንዳንዱ ቤት በተራ በሶና ሽሮ ይሰድላታል። አምና አንድ ትምህርት ወድቃ ልትመለስ ሻንጣዋን ስታስር፣ ሼህ ሀሚድ ራሳቸው ሚኒባስ ተሳፍረው ሄደው «የቅሬ ልጅ ከመንገድ አይመለስም» ብለዋታል።

ለእረፍት የመጣችው ኢንሳፍ ሁለቱ ፊት አነበበች። ተፈርዶባቸዋል። ከዚያ ቀኑን አይታ በጣቷ ስትቆጥር ቆየች።

«ይግባኝ የሚባለው በሥልሳ ቀን ውስጥ ነው» አለች። «ዛሬ ሰባ አራት ሆኖታል። ምነው ሐይቅ ከተማ ወርዳችሁ ለሌላ ሰው ብታስነብቡት?»

«የኛ ጠበቃ እያለች?» አሉ ሼህ ሀሚድ። «ደሞ ፈተና ላይ ነበርሽ። አምና የሆንሽውን እናውቃለን። ማንም ደውሎ እንዳይነግራት ብዬ ቅሬውን ያስማልኩ እኔ ነኝ።»

«ለሷ ካዘኑላት እሩቡን ለበሬዎቼ ቢያዝኑላቸው» አሉ እትዬ መስኡዳ። «የት ሊያርሱ ነው?»



ኢንሳፍ አምና የወደቀችው ይኸንኑ የፍርድ ቤት ሥነ ሥርዓት ትምህርት ነበር፤ ዘንድሮ ደግማ አልፋዋለች። ቀኑ ካለፈም በቂ ምክንያት ያለው ሰው ይግባኙን ማስፈቀድ እንደሚችል ታውቃለች። ደብተሯን አወጣች።

«የፍርድ ቤቱ ዳኞች ለምን ዘገያችሁ ይላሉ። ምን ብዬ ልጻፍ?»

«ታመው ነበር በይ» አሉ ሼህ ሀሚድ።

«ሳልታመም? ወላሂ ብዬ ፊታቸው ልቆም?» አሉ እትዬ መስኡዳ። «የሆነውን ጻፊ።»

የሆነውን ጻፈች። አመልካች ማንበብ እንደማይችሉ፣ ወረቀቱ አንዲት ተማሪ እስክትመጣ ተቀምጦ እንደቆየ። የተማሪዋ ስም ላይ ስትደርስ እጇ ቆመ፤ ከዚያ ስሟን ከነአያቷ ጻፈችው። ይህ በቂ ምክንያት ነው ወይ ተብላ በፈተና ብትጠየቅ፣ አይደለም ብላ ትመልስ ነበር።

እትዬ መስኡዳ አውራ ጣታቸውን ቀለም አስነክተው ወረቀቱ ላይ አሳረፉ። ኢንሳፍ ቀለሙ እስኪደርቅ ጠበቀች። ሁለቱን ወረቀት አንድ ላይ አድርጋ በፌስታሉ ቋጠረችና፣ ነገ ጠዋት ፍርድ ቤት ይዘውት እንዲሄዱ በሩ አጠገብ ካለው ምስማር ላይ ሰቀለችው።