አመድማዋ ድመት የማን ዘር ናት?

እቴነሽ ልጆቿ አግብተው ከወጡላት በኋላ አዘዞ ውስጥ ከአንዲት አመድማ ድመት ጋር ነው የምትኖረው። ድመቷ በራሷ ጊዜ ከመጣች ወዲህ፣ ጤፏን የጨረሰው፣ የቤተ ክርስቲያን ነጠላዋን ሳይቀር የበላው አይጥ ድራሹ ጠፋ። «እመቤታችን ናት የላከችልኝ» ትላለች።

የቀበሌው ሊቀ መንበር ጓድ አድማሴ ግን ሌላ ነገር አሰበ። ከእሷ ቤት በላይ ያለው ቪላ፣ የፈረንጅ ድመቶች ያረባ የነበረው ባለቤቱ ሱዳን ስለኮበለለ ተወርሷል።

«እትዬ እቴነሽ፣ የፈረንጅ ዘር ከሆነች ከቪላው የወጣች ናት፤ የሕዝብ ንብረት። ሀበሻ ከሆነች የርስዎ ናት።»

«ምነው ልጄ! ድመት ደሞ ይወረሳል?»

«ቤቱ የተወረሰው ከነንብረቱ ነው።»

ዘር ይለዩ ተብለው አያ ቢሻው ቀበሌ ተጠሩ። ድሮ ለአንድ ጣሊያን ወጥ ሠርተዋል፤ በፈረንጅ ነገር የሚቀድማቸው የለም። የድመቷን ጆሮ ገለጡ፣ ጅራቷን ዳበሱ፣ እንደ በቅሎ ገዢ ጥርሷን አዩ። እቴነሽ በልቧ ውዳሴ ማርያም ትደግማለች።

«መልኳማ የፈረንጅ ነው» አሉ። «ግን መልክ ያታልላል። የጣሊያኑ ድመት ሽሮ ሲሸታት ፊቷን ታዞር ነበር። ሽሮና ሥጋ ጎን ለጎን ይቅረብላትና እንይ።»

«እንዴ፣ በሁዳዴ ሥጋ ከየት ይመጣል?» አለ አድማሴ፤ ብሎም ምላሱን ነከሰ። ባለፈው ስብሰባ ጾም ኋላ ቀርነት ነው ብሎ ሲያስተምር የዋለው እሱ ነው። ለማየት የመጡት የሰፈር ሴቶች ሳቃቸውን ለመሸሸግ ነጠላቸውን ወደ አፋቸው ሰበሰቡ።

ሽሮው ብቻውን ቀረበ። ድመቷ አሸተተችና ፊቷን አዞረች።

«ይኸው!» አለ አድማሴ።

«ቆይ እንጂ ልጄ፣ ሳይባረክላት አትበላም» አለች እቴነሽ፣ ቃሉ ከየት እንደመጣላት ሳታውቅ። አማተበችና እንጀራውን በሽሮ አጥቅሳ ወደ አፏ አስጠጋችላት። ከእጇ መብላት የለመደችው ድመት ላፍ አድርጋ ዋጠች፤ ጣቷንም ላሰችላት።

«ሀበሻ ናት! ያውም ጾመኛ!» አሉ አያ ቢሻው። «እናቷ ክርስትና ሳትነሳ አትቀርም።»

አድማሴም ሰው ሁሉ ሲስቅበት ጊዜ፣ «ይውሰዷት፣ ይውሰዷት» አለ።

እቴነሽ እያመሰገነች አቅፋት ወጣች። የግቢው በር ጋ ሳይደርሱ ድመቷ ከእቅፏ ዘላ ወረደችና ከአጥሩ ሥር አንዲት ድንቢጥ ቀጨም አደረገች። እቴነሽ ነጠላዋን አውርዳ ሁለቱንም ባንድ ላይ ጠቀለለቻቸው።

«ደሞ ምን ሆነች?» አለ አድማሴ ከኋላ።

«በርዷት ነው ልጄ፣ በርዷት!» አለችና እግሯን አፈጠነች። ወደ ጥቅሉም ጎንበስ ብላ፣ «አንቺ ከንቱ! ምነው ይችን በር እስክናልፍ እንኳ ብትጾሚልኝ!» አለቻት።