«ይቅር» ብሎ ጻፈላት

የሺዓለም ስትናደድ ፒያሳ በሙሉ ይሰማል ይባላል፤ ውሸትም አይደለም። የዚያን ቀን ጠዋት ከአዝራርና ክር ሱቋ ውስጥ ስትጮህ፣ ጎረቤቷ ንግስቲ የሻይ ብርጭቆዋን እንደያዘች እየሮጠች መጣች።

«ምን ሆንሽ በማርያም?»

«ምን እሆናለሁ! ወንድሜ ነው እንጂ!»

ነገሩ እንዲህ ነው። ታላቅ ወንድሟ አጥናፉ ሰኞ ልቡን ኦፕራሲዮን ይደረጋል። እናታቸው የሞቱ ጊዜ እሱ ድሬዳዋ ነበርና የሺዓለም ቢጨንቃት በስልክ ነገረችው። «መርዶ በስልክ ይነገራል?» ብሎ ተቀየማት፤ ይኸው ስንት ዓመት ኩርፊያ! አሁን ግን ሳታየው ቢያመልጣትስ? ኩራቷን ዋጥ አድርጋ «ዛሬ ልምጣ ወይ?» ብላ ጻፈችለት። መልሱ አንዲት ቃል ናት፦ «ይቅር።»

«ይቅር! እኔን! እንደ ለማኝ ከበር መለሰኝ እኮ! ካሁን በኋላ ቢሞትም አልሄድም!»

ንግስቲ ስልኩን ተቀብላ አየችው። አማርኛዋ የፒያሳ ነው፤ ልቧ ግን ቃል የሚፈታው በትግርኛ ነው። በትግርኛ ደግሞ «ይቕረ» ምሕረት ነው።

«አንቺ ሴትዮ፣ ጤናም የለሽ? ይቅር ብዬሻለሁ ነው እኮ የሚልሽ! ሌላ ምን ትፈልጊያለሽ?»

የሺዓለም ደግማ አነበበችው። ፊደሉ ያው ነው፤ አንዲት ነጥብ አልተጨመረችበትም። ደረቷ ውስጥ ሲንተከተክ የነበረው ግን ጸጥ አለ፤ በቦታው ሌላ ነገር ሞቅ ብሎ መጣ። ፈራች። የሰው ልብ በአንዲት ሐሳብ እንዲህ ይገለበጣል? «ኧረ የፈጣሪ ያለህ!» አለች፤ ለራሷ ይሁን ለንግስቲ አልታወቀም። ሱቁን ለንግስቲ ትታ ወደ ወንድሟ ሰፈር የሚሄደው የአፍንጮ በር ታክሲ ውስጥ ገባች።

በሩን የከፈተው አጥናፉ ራሱ ነው፤ ከስቷል። አፉን እስኪከፍት አልጠበቀችም።

«ይቅር ለእግዚአብሔር፣ ወንድምጋሼ! ይቅር ብለህ ስትጽፍልኝ በርሬ መጣሁ! ይቅር ለእግዚአብሔር!» ብላ አንገቱ ላይ ተጠመጠመች።

ሰውዬው እንደ ግንድ ደርቆ ቆየ። ከዚያ ድምፁን አውጥቶ አለቀሰ።

ሲረጋጉ ዓይኑን ሰበር አድርጎ፣ «የሺ፣ እውነቱን ልንገርሽ» አላት። «እኔ እኮ ይቅር ያልኩት መምጣትሽን ነበር። አትምጪብኝ ማለቴ ነው። እንደዚያ ደስ ብሎሽ ስትመጪ ግን... ቂሜን ከየት ላምጣው?»

የሺዓለም አሁን ነበር መናደድ የነበረባት፤ ጠዋት ያንገበገባት ነገር ለካ እውነት ኖሯል። ንዴቷን ፈለገችው። ደግማ ፈለገችው፤ የለም።

እጁን ያዘችው። «ሰኞ በስንት ሰዓት ነው የምትገባው?» አለችው።