ድቡ ጫማውን ሲያወልቅ

«ምነው በካልሲ?» አለ የሄርሽ የሥራ ባልደረባ ደላኒ፣ የኬክ ካርቶን በብብቱ እንደሸጎጠ።

«ሐዘንተኛ የቆዳ ጫማ አያደርግም» አለ ሄርሽ ከዝቅተኛው በርጩማ ሳይነሳ። አባቱ ከተቀበረ ሦስተኛ ቀኑ ነው። በአይሁድ ወግ እስከ ሰባት ቀን መውጣት የለም፣ ሥራም አይነካም። የመተላለፊያው መስታወትም እንደ ወጉ አንሶላ ተጋርዶበታል።

ካርቶኑ ውስጥ ያሉት ኬክ ሳይሆን ተደብቀው የመጡ የሄርሽ ሥዕሎች ናቸው፤ ከሥራ የተመለሰ ሽማግሌ ድብ ተቀምጦ ጫማውን ያወልቃል። ሄርሽ በካርቱን ስቱዲዮው ሁለት ዓመት ሌሎች በሣሏቸው ሥዕሎች መሀል የጎደለውን እንቅስቃሴ ሲሞላ ኖሯል። የራሱ የተባለለት የመጀመሪያው ትዕይንት ይህ ነው።

ደላኒ ድምፁን ዝቅ አደረገ። «አለቃ መልሶታል። 'ጫማ ያወልቃል እንጂ አልደከመውም' አለ። እስከ ዓርብ ካላረምከው ለሌላ ይሰጠዋል። መታጠቢያ ቤት ገብተህ ሥራው፤ ማን ያይሃል?»

እናቱ ዝላታ የተቀቀለ እንቁላል ይዛ መጣች። «ብላ» አለችው ደላኒን። «የሐዘንተኛ ምግብ ነው፤ ግን ያንተም ፊት ገርጥቷል።»

ሄርሽ ወረቀቶቹን በአውራ ጣቱ ገለባበጣቸው። ድቡ ተንቀሳቀሰ። ቸኩሏል።

ባለፈው ወር ለድቡ ሥዕል ብሎ አባቱን አስቀምጦ አሥራ አንድ ጊዜ ጫማ አስወልቆታል። ቀኑን ሙሉ ቆሞ ካውያ ሲገፋ የሚውል፣ የልጁን ሥራ «የድመት ጨዋታ» የሚል ሰው ነበር።

«ድገመው አባባ።»

«አሁንም? እግሬ እኮ ሁለት ብቻ ነው።»

አባቱ ያወለቀውን ጫማ ጭኑ ላይ ያኖርና ጫፉን በመዳፉ ጠርጎ ዝም ብሎ ይቆይ ነበር። ሄርሽ ሰዓት እየያዘ፣ «እሱን ተወው፤ ይረዝማል» አለው። አሥራ አንደኛው ላይ አባቱ ሳይቆይ ጨረሰ። ሄርሽ የሣለው ያንን ነው።

ካርቶኑን መለሰ። «ውሰደው።»

«እንደገና የሌሎችን ሥዕል መሀል ልትሞላ ነው?»

«ምን እንደጎደለው አውቄያለሁ። እጄ ግን እስከ እሑድ የእኔ አይደለም።»

ደላኒ እንቁላሉን እንደያዘ ወጣ። ዓርብ ትዕይንቱ ለሌላ ሰው ተሰጠ።

እሑድ ጠዋት፣ ሐዘኑ ሲነሳ፣ እናትና ልጅ እንደ ልማዱ ሰፈሩን አንድ ጊዜ ዞረው ተመለሱ። ሄርሽ የአባቱ ወንበር ላይ ተቀመጠ። ግራ ጫማውን አውልቆ ጭኑ ላይ አኖረው፤ ጫፉን በመዳፉ ጠረገ። ቆየ።

የመስታወቱን አንሶላ ልታነሳ የተዘረጋችው የዝላታ እጅ ባለችበት ቀረች።

«ድገመው» አለች።

ጫማውን መልሶ አጠለቀ።